የሦስት ደቂቃ ፍቅር፣ የማያልቅ ሱሪ

እስቲ ልጠይቃችሁ፤ አንድን ሰው በርጩማ ላይ አቁማችሁ፣ የሱሪውን እግር ዙሪያውን በእስፒል ወግታችሁ፣ እሱ እየሰማ ስለ እሱ ለሌላ ሰው አውርታችሁ ታውቃላችሁ? ካላወቃችሁ ጨዋ ስለሆናችሁ ነው ወይስ ልብስ መስፋት ስለማትችሉ?

ልብስ ሰፊዋ ሁለቱንም ትችላለች፤ መስፋቱንም፣ ማውራቱንም። ሱቋ አሮጌ ሕንጻ ላይ፣ ከሊፍቱ በር ፊት ለፊት ነው። ያን ዓርብ ከሰዓት በኋላ በርጩማው ላይ የቆመው የሕንጻውን ሊፍት የሚጠግነው መካኒክ ነበር። ሃምሳን የደፈነ፣ ትከሻው ሰፊ፣ ጆሮው ቶሎ የሚቀላ ሰው ነው፤ ሕንጻው ሁሉ «ሊፍቱ» ይለዋል። በግራ እግሩ በኩል ልብስ ሰፊዋ ተንበርክካለች። በቀኝ እግሩ በኩል ታላቅ እህቱ ተቀምጣለች፤ የልብስ ሰፊዋ የትምህርት ቤት ጓደኛ ናት፣ ወንድሟ ለልኬት ሲመጣ አጅባው መምጣት ትወዳለች። ልብስ ሰፊዋ ያን ቀን ሥራ ሰጠቻት። «እጄ አልበቃ አለኝ፣ እነዚህን ያዢልኝ» ብላ እስፒሎቹን በከንፈሮቿ መሃል ደረደረችላት። እስፒል በአፉ የያዘ ሰው ያዳምጣል እንጂ አይመልስም።

ለምን ዓርብ እንደሆነም ልንገራችሁ። ከመንገዱ ማዶ ፋርማሲ ያለው፣ ሚስቱ የሞተችበት መድኃኒተኛ በሳምንቱ መጀመሪያ ዚፕ ሊያስቀይር መጥቶ ነበር። ሱሪው እሷ እጅ ላይ ስለሆነ ከመጋረጃው ጀርባ በውስጥ ሱሪ ቆሞ ሲጠብቅ ቆየና፣ «አግቢኝ፤ መልሱን ዓርብ ሱቅ ስትዘጊ መጥቼ እወስዳለሁ» አላት። በቃ። አልተንተባተበም። ቀልቶ እንደሆነም መጋረጃው ጋርዶታል። ልብስ ሰፊዋ መድኃኒተኛውን አትወደውም፤ አትጠላውምም። የምትወደው በርጩማው ላይ የቆመውን ነው። እሱም እንደሚወዳት ከምድር ቤቱ ዘበኛ ጀምሮ የማያውቅ የለም። የጎደለው አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፤ እሱን ደግሞ ሱቁ ሳይዘጋ ከሰውዬው አፍ ማውጣት አለባት። ጠይቃው ግን አይሆንም። ለምኖ የተገኘ ቃል ቃል አይደለም ብላ ታምናለች፤ በዚህ እምነቷም ብዙ ዓመት ብቻዋን ራት በልታለች።

ተስፋ ደግሞ ነበራት። ሊፍቱ ያን ሳምንት ለመጀመሪያ ጊዜ ኮት አዞ ነበር። ኮት የሚያሰፋ ሰው የሚናገረው ነገር አለው።

«ሰማዩ ጠራ አይደል፣ እታለም?» ብላ ጀመረች፣ ጠመኔዋን እየፈለገች። «ጠዋት ዳመና ነበር እኮ። የታጠበውን ላስጣ አላስጣ ስል ነው ያረፈድኩት… ጉልበትሽስ ተሻለሽ? በጭንቅላትሽ መልሺልኝ፣ እስፒሉን እንዳትውጪው። እሰይ። ቅባቱን አትተዪ። አንተ ቀጥ በል። እንደሱ። አንተ እንኳ መቆም ያውቅበታል ከሚባልላቸው ነህ።

«ሰሞኑን ምን እንደማይ ልንገርሽ? ካርቱን። አትሳቂ አልኩሽ፣ እስፒሉ። በዚህ ዕድሜዬ ካርቱን። የጃፓን ነው፣ አኒሜ ይሉታል። የልጅ ነገር መስሎኝ ነበር፤ ለካስ ለአዋቂ ተብሎ የተሠራም አለው። ለአዋቂ ስልሽ ሌላ ነገር እንዳታስቢ… ሲሳሳሙ እንኳ አያሳዩም። ለአዋቂ ያሰኘው የሚዋደዱት ሰዎች እንደኔና እንዳንቺ ሥራ ውለው፣ ወገባቸው ተቀንጥሶ የሚገቡ፣ ጫማቸውን ሲያወልቁ ኡፍ የሚሉ መሆናቸው ነው። አንዱ ክፍል ከነዘፈኑ ሦስት ደቂቃ ነው። ካውያዬን እሰካለሁ፣ አንድ ክፍል አያለሁ፣ ካውያው ይግላል። ያሳየኝ አንድ ሰው ነው። አንቺ አታውቂውም።»

በርጩማው ላይ ያለው ሰው ጉሮሮውን ጠረገ።

«አትተንፍስ፣ ወገቡ ይዛባል። ምን አልኩሽ… ታሪኩ እንዲህ ነው። አንዲት የቢሮ አለቃ አለች። የቢሮ ወንበር የሚጠግን ሰው አለ። ወንበሯ ይሰበራል። ሰውየው መጥቶ ይጠግናል። ዓይን ለዓይን ይጋጫሉ፣ ይቀላሉ፣ ዘፈን ይመጣል፣ ያልቃል። በሚቀጥለው ክፍል ወንበሯ እንደገና ይሰበራል። ይኸው ነው። 'ይህች ሴት ለምን ሌላ ወንበር አትገዛም?' ትዪኝ ይሆናል። እኔም ብዬ ነበር። ግን ታምኚኛለሽ? ደስ ይላል። ለደከመ ሰው እንዲህ ያለ ነገር አልተሠራም። ማንም አይሞትም፣ ማንም አይፋታም፣ አማት የለች፣ የኩላሊት ጠጠር የለ። ልብሽ ትንሽ ሞቅ ትልና ነገሩ ሳይከብድ ዘፈኑ ይደርስልሻል። ፍቅርን ከነሙሉ ጣዕሙ፣ ያለ ጣጣው ነው የሚያቀርቡልሽ። መቅላት ብቻ። መቅላት ደግሞ ድፍረት አይጠይቅም፣ ደም ካለሽ ይበቃል።

«ያሳየኝ ሰው ታዲያ… እንዴት ያለ ሰው መሰለሽ። ትሑት ነው። የሰው ጊዜ አይሻማም። ስልኩን ይዞ ይመጣል፣ እዚችው ጠረጴዛ ላይ ያስደግፈዋል፣ ጭንቅላት ለጭንቅላት ገጥመን አንድ ክፍል እናያለን፤ ሲያልቅ 'በይ ደህና ዋይ' ብሎ ይሄዳል። አንድም ቀን ከሦስት ደቂቃ በላይ አስቸግሮኝ አያውቅም። ሌላው ወንድ መጥቶ ይጎለታል አይደል? ይህኛው ግን እንዳልመጣ ሆኖ ነው የሚሄደው።

«ባዶ እጁን እንዳይመጣ ደግሞ ሱሪ ይዞ ይመጣል። አንድ ሳምንት ያሳጥራል፣ በሚቀጥለው ያስረዝማል። አንዱኑ ሱሪ፣ እታለም። ውስጡን ብትገለብጪው የድሮው ቅምቅማት ምልክት አንዱ ባንዱ ላይ እየተደራረበ መሰላል ሠርቷል። እኔ ምን ቸገረኝ፣ አሳጥሪ ሲለኝ አሳጥራለሁ። 'ቁመትህ እንደ ጥላ ከፀሐይ ጋር ይለዋወጣል እንዴ?' ብዬ አልጠየቅኩትም። እንዲህ ያለ ሰውነትም ሊኖር ይችላል። ሐኪሞች ስንቱን አውቀውት?»

እህትየው በእጇ የያዘችውን የሱሪ እግር ገለበጠች። መሰላሉ እዚያው ነበር፣ ደብዘዝ ካለው ጀምሮ እስከ ባለፈው ሳምንቱ። ቀስ ብላ መልሳ አጠፈችው።

«ከሁሉ የሚገርመኝ አስተዋይነቱ ነው። ያየውን አይረሳም። ካርቱኑ ላይ ዝናብ የሚዘንብበት ክፍል አለ፤ ሁለቱ በአንድ ትንሽ ጃንጥላ ሥር ይሄዳሉ፣ ትከሻቸው ይነካካል፣ ይቀላሉ። ይህን ባየን ማግስት ሰውየው የሕፃን መጫወቻ የምታክል ጃንጥላ ይዞ ሱቄ ደረሰ። 'ልሸኝሽ' አለኝ። ውጪው አናት የሚበሳ ፀሐይ ነው። ምን ላድርግ፣ ሄድን። የኔ ቀኝ ትከሻ ውጪ፣ የሱ ግራ ትከሻ ውጪ፣ መሃላችን ላይ ጃንጥላ። የአውቶቡስ ሰልፍ ሙሉ ሰው ዞሮ አየን። ጠብታ አልወረደም። ቤቴ በር ስንደርስ ግን ጃንጥላውን አራገፈው… አራገፈው እኮ ነው የምልሽ። የሌለውን ውሃ። እኔንም እንዳይረጨኝ ፈንጠር ብሎ። እስቲ እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ከማን ይገኛል?

«የመታመም ክፍልም አለ። አለቃዋ ታማ ትተኛለች፣ ወንበር ጠጋኙ ሾርባ ይዞላት ይመጣል። የኔው ሰው ሾርባ ይዞ መጣ። እኔ ደህና ነኝ፣ ቆሜ ልብስ እተኩሳለሁ። ፊቱ እንዴት ጥቁር እንዳለ ብታዪ ሆድሽ አይችልም። እኔም አልቻልኩም፣ ሳልኩለት። ደስ አለው። ሾርባውን እስክጨርስ እየሳልኩ ጠጣሁ፤ ከዚያ የእውነቱ ሳል ያዘኝና ሳምንት ሙሉ አልጋ ላይ አዋለኝ። ያኔ አልመጣም። አልፈረድኩበትም… ያ ክፍል አልፏል አይደል?

«ሾርባው ግን ለጉድ ነበር። እህቱ ናት አሉ የሠራችው። እህት አለችው፤ መልካም ሴት፣ ለሱ ብላ የማትሆነው የለም። አብረው ነው የሚኖሩት። ያ ቤት አምፖል አይቃጠልበት፣ ቧንቧ አያንጠባጥብበት፣ በር ሲጢጥ አይልበት። 'ላግባ ይሆን?' ሲላት፣ 'ምን ያስቸኩልሃል፣ ተረጋጋ' ትለዋለች አሉ። ይኸው ተረጋግቶ ሃምሳን አለፈ። እኔ ብሆን እንዲህ ዓይነት ትዕግሥት ይኖረኛል? አይኖረኝም። እኔ ክፉ ስለሆንኩ ወንድሜ ሃያ አምስት ዓመቱ ላይ አግብቶ ሄደ፤ ቧንቧዬም እስከዛሬ ያንጠባጥባል።»

በእህትየው ከንፈር መሃል ያሉት እስፒሎች አንድ ላይ ወደ ታች አዘነበሉ። ልብስ ሰፊዋ አንዷን ቀስ ብላ መዘዘችና ሱሪው ላይ ሰካቻት።

«ወጋሁህ? ይቅርታ፣ ሥጋ ያለበት ቦታ አልመሰለኝም… የሊፍቱን ነገር ልንገርሽ አይደል። የት ሕንጻ እንደሆነ ይቅር። ካርቱኑ ላይ ሊፍት ሁለት ፎቅ መሃል ይቆምና ሁለቱ ብቻቸውን ይቀራሉ። ታዲያ እኔና ያ ሰው ሊፍት ውስጥ ሳለን ሊፍቱ ቆመ። ለምን ቆመ አልልም፤ ብረት ነው፣ የራሱ ጠባይ ይኖረዋል። ሰውየው ያላየው ነገር ቢኖር ከኋላችን የላይኛው ፎቅ የጥርስ ሐኪም መቆማቸውን ነው። አጭር ናቸው፣ ምስኪን፣ ካልተናገሩ አይታዩም። ሰውየው ቀላ። እኔ ጠበቅሁ። ልቤ እዚህ ጋ መጣች፣ አልዋሽሽም። አፉን ከፈተ። 'ታች በስተግራ ያለችው መንጋጋ ተቦርቡራለች፣ ነገ ብቅ በል' አሉት ሐኪሙ። ሊፍቱ ተነሳ። በማግስቱ ጥርሱ ተነቀለች። ከዚያ አፍ የወጣው እሷ ብቻ ናት።»

ልብስ ሰፊዋ ብድግ አለች። ጉልበቷን አሻሸች፣ ኮቱን ከመስቀያው አውርዳ አለበሰችውና እጁን አስዘረጋችው። ኮቱ አንድ እጅጌ ብቻ ነበረው፤ ሁለተኛው ገበሩ ተሰፍቶ መገጠም ይቀረዋል። መስኮቱ ላይ ያለው ብርሃን ወደ ቢጫ እየሄደ ነው። ማዶ መድኃኒተኛው የፋርማሲውን ደጃፍ መጥረግ ጀምሯል፤ ይህ የመዝጊያ ሰዓቱ ነው። ነገሩን እስካሁን አልፎ አልፎ ስትወጋ የቆየችው ልብስ ሰፊ ከዚህ በኋላ ጊዜ እንደሌላት አየች። ድምጿን ለስለስ አደረገች።

«ሌላ ሰው ደግሞ አለልሽ፣ ይህኛው ካርቱን አያይም። ምስኪን፣ ጣዕም የሌለው ሰው ነው። በአንድ ትንፋሽ 'አግቢኝ' አለኝ። ጃንጥላ የለ፣ ሾርባ የለ። እንዲህ ያለ ነገር ደስ ይላል? ዛሬ ሱቅ ስዘጋ መልስ ሊወስድ ይመጣል። ያው ማዶ ፋርማሲው ውስጥ መብራት ሲያጠፋ የምታዪው… እምቢ እንዳልለው ምክንያት ያስፈልገኛል። ማለቴ እሺ እንዳልለው። አንዲት ቃል የምታክል ምክንያት ብትገኝ ትበቃኛለች። ግን ከየት አመጣለሁ? እኔ የማውቀው ሰው ሁሉ ጨዋ ነው።»

በርጩማው ተንቋቋ። ልብስ ሰፊዋ ወደ ላይ ሳትመለከት የሱሪው እግር ከነእስፒሎቹ ወደ እሷ ሲዞር አየች። ሰምቷል። ስለዚህ አንድ የመጨረሻ ነገር ጨመረች። ባትጨምር ይሻላት ነበር።

«የመጨረሻውን ክፍል ብቻዬን አየሁት። ወንበር ጠጋኙ አዲስ ኮት ለብሶ ይመጣል። ባቡር ሐዲድ አጠገብ ይቆማሉ። ልክ ቃሉን ሲናገር ባቡር ያልፍና ድምፁን ይውጠዋል። ፀጉሯ ይበተናል። 'ምን አልክ?' ትለዋለች። 'ምንም' ይላታል፤ ፈገግ ይላል። ዘፈን። አለቀስኩልሽ፣ እታለም። የሰው ሸሚዝ ካውያ ሥር ረስቼ አቃጠልኩ። እንዴት ያማረ ነገር ነው… ሴትየዋ ከዚያ ወዲያ ምን እንደሆነች ግን አያሳዩም። ማን ወደ ቤቷ ሸኛት? በማግስቱ ያ ወንበሯ ላይ ስትቀመጥ ምን አሰበች? ለሷ ደቂቃ አልተረፈም።»

ይህን ብላ ያልተገጠመውን እጅጌ ይዛ ወደ ስፌት መኪናዋ ሄደች። ሰው አጠገቧ ቆሞ ዓይን ዓይኗን እያየ ከሚናገር፣ ጀርባዋን ሰጥታው ቢናገር ይቀለው ይሆናል ብላ ነው። መኪናዋ የፋብሪካ ነበረች፣ አሮጌ፣ ስትነሳ የመስኮቱን መስታወት የምታንቀጠቅጥ። ፔዳሉን ረገጠች።

ሊፍቱም ተናገረ።

መኪናዋ እስክትጮህ ጠብቆ፣ ጩኸቷ መሃል ገብቶ፣ እጁን እንደተዘረጋ ትቶ ሁሉንም ተናገረ። «እወድሻለሁ» አለ። «የምመጣው ለሱሪው አይደለም» አለ። «መድኃኒተኛውን እምቢ በይው፣ እኔን አግቢኝ» አለ። ዕድሜዋን ሙሉ መኪና ላይ የዋለች ሴት ከጩኸቱ ሥር መስማት ትለምዳለች፤ ደንበኞች ከኋላዋ ሆነው ሲያሟት የምትሰማው እንደዚያው ነው። አንድ ቃል አላመለጣትም። እግሯን ከፔዳሉ አነሳች።

ሱቁ ጸጥ አለ። ዞረች። ያን ከሰዓት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ከሱሪው ጋር ሳይሆን ከሰውዬው ጋር፣ ፊት ለፊት ተነጋገረች።

«ምን አልክ?»

ሊፍቱ እስከ አንገቱ ቀልቶ ነበር። ፊቱ ያበራል። ጭንቅላቱን ግራና ቀኝ ነቀነቀ፤ ምንም። ፈገግ አለ።

ያኔ ገባት። ስታሞግሰው የዋለችውን ሁሉ ሙገሳ ነው ብሎ ተቀብሎታል። ጃንጥላው አማረላት፣ ሾርባውን ወደደችው፣ ባቡሩ አስለቀሳት። ከተናገረችው ውስጥ የገባው ላዩ ብቻ ነበር፤ ሥሩ ቀኑን ሙሉ በጆሮው አጠገብ እያለፈ ግድግዳው ላይ ሲሰካ ውሏል። የመጨረሻውን ክፍል እሱም አይቶት ኖሯል፤ ኮቱን ያዘዘው ለዚያ ነበር፤ የጎደለው ባቡር ብቻ ነበር፣ እሱንም በስፌት መኪናዋ ጩኸት አገኘው። እጁን ዘርግቶ እዚያ የቆመው ሰው ሥራውን በሚገባ ጨርሶ ዘፈኑን የሚጠብቅ ሰው ነበር። ደስተኛ ነው። በሕይወቷ እንዲህ ደስተኛ ሰው አላየችም።

ወደ እህትየው ተመለከተች። እህትየው እግሩ ሥር ስለነበረች ሰምታለች፤ መስማቷም ዓይኗ ላይ ይታያል። እስፒሎቹን ከአፏ አውጥቶ አንዲት ቃል ለመናገር የሚወስደው ጊዜ አጭር ነው። ከንፈሯን ይበልጥ ገጠመች።

ልብስ ሰፊዋ ክሩን በጥርሷ በጠሰች።

«በይ እስፒሎቼን መልሺልኝ፣ እታለም፤ አንድ በአንድ፣ እንዳይወጉሽ። ሥራው አልቋል። ሱሪው በዚሁ ቁመት ይቅር፣ ከእንግዲህ ጨርቁ አይችልም። ኮቱም ለሠርጌ ይደርሳል፤ ከፊት ወንበር ላይ ያምርበታል…

«ያን ሰው ድንገት ካገኘሽው ደግሞ፣ አታውቂውም ግን ድንገት ካገኘሽው፣ ምርቃቴን አድርሺልኝ። እግዜር ጃንጥላውን ከዝናብ ይጠብቅለት በዪው። ሾርባው ከእህቱ ምድጃ አይጥፋ። በሄደበት ባቡር አያሳጣው። ልቡ ሁልጊዜ እንደዛሬ ልትናገር ጥቂት የቀራት ትሁን። ደስታው ከዘፈኑ አይለይ፣ መጨረሻውንም እግዜር እድሜ ልኩን ያርቅለት።»

«አሜን» አለ ሊፍቱ።

በጠራ ድምፅ ነው ያለው፣ ከሙሉ ልቡ፣ ምንም ጩኸት ሳይጋርደው። ያን ቀን በጸጥታ የተናገራት ቃል እሷ ብቻ ነበረች። የማን ሠርግ እንደሆነ አልጠየቀም።

በሩ ተንኳኳ። መድኃኒተኛው ገዋኑን አውልቆ፣ ፀጉሩን አበጥሮ ቆሟል። እህትየው አፏ ነፃ ወጥቷል፤ የልብስ ሰፊዋን እጅ ያዘችና ዓይኗን እንባ ሞላው፤ የሚመጣው ቃል ምን እንደሆነ ገና ሳይወጣ ይታወቃል። ልብስ ሰፊዋ እጇን ቀስ ብላ አላቀቀች፣ የእስፒሉን ቆርቆሮ ከደነች።

«አትድከሚ። ይቅር አልልም። አንቺንም አልል፣ እሱንም አልል፣ ፔዳሉን የረገጥኩትን እኔንም አልል። ማንንም።»